ወንጀለኛው ዞን

ያንን ኮድ የጻፍኩት እኔ ነኝ። አስቀድሜ ልናዘዝና ልገላገል።

ባለፈው ዓመት የምሠራበት ቡድን ለአንድ ደንበኛ የብድር መገምገሚያ ሲስተም እየሠራ ነበር። ተበዳሪው ስልኩ ላይ ፎርም ይሞላል፤ ሲስተሙ ነጥብ ይሰጠዋል፤ ነጥቡ ካነሰ ማመልከቻው ቀይ ምልክት ተደርጎበት ወደ ጎን ይደረጋል። ደንበኛው ከላካቸው መስፈርቶች አንዱ «የአካባቢ ሥጋት» ይላል። አብሮት የኤክሴል ፋይል መጣ፦ የዞኖችና የወረዳዎች ዝርዝር፣ ከእያንዳንዱ ስም ጎን ከ1 እስከ 5 የሆነ ቁጥር። 5 ማለት «ወንጀልና ግጭት የሚበዛበት» ማለት ነው። ቁጥሩን ማን ሰጠው? በምን ለካው? ከየትኛው ዓመት እስከ የትኛው ዓመት? አንድም መስመር የለም። ፎርሙ ላይ የሚጠየቀው ደግሞ አሁን የት እንደምትኖር አልነበረም። የት እንደተወለድክ ነው።

ፈንክሽኑን ለመጻፍ ሃያ ደቂቃ አልፈጀብኝም። ዓርብ ከሰዓት ነበር፣ ፑሽ አድርጌ ወጣሁ። ሰኞ ስመለስ ለሙከራ የማስገባው የሰው መረጃ ስላልነበረኝ የራሴን አስገባሁ። ዕድሜ፣ ሥራ፣ ደመወዝ፣ ሁሉም አረንጓዴ። የትውልድ ቦታ፦ ከሚሴ። ቀይ።

ከኋላዬ የቆመ ባልደረባዬ አይቶ ሳቀ። «አንተማ ለካ ወንጀለኛ ነህ!» እኔም ሳቅሁ። ክፋት አልነበረበትም፤ ጥሩ ልጅ ነው፣ ምሳ ሲጋብዝ አይሰስትም። ግን ያ ሳቅ ማታ ቤቴ ድረስ ተከተለኝ። እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ ኢንጂነሪንግ የተማረ ሰው የሚያደርገውን አደረግኩ፦ ባጉ ከየት እንደመጣ ወደ ኋላ መፈለግ ጀመርኩ። ፍለጋው አንድ ሌሊት የሚፈጅ መስሎኝ ነበር። ወራት ፈጀ።

ያገኘሁትን ባጭሩ ልናገር። ኢትዮጵያ ውስጥ የወንጀል ሕግ አለን። የወንጀል ጥናት ግን፣ የራሳችንን ሰው፣ የራሳችንን ወንዝና ገበያ የሚያይ ጥናት፣ ከጥቂት ሰዎች ልፋት በቀር የለንም ማለት ይቻላል። ባዶ ቦታ ደግሞ ባዶ ሆኖ አይቀርም። እኛ ጋ ባዶውን ቦታ የያዘው ከመቶ ዓመት በፊት ጣሊያን አገር የተወለደ አንድ ቅዠት ነው። ያንን ቅዠት ነው እኔ በሃያ ደቂቃ ኮድ ያደረግኩት።

ራሱን ቀይ ያደረገው ልጅ

እ.ኤ.አ. በ1876 ቼዛሬ ሎምብሮሶ የሚባል ጣሊያናዊ ሐኪም ስለ ወንጀለኛ ሰው የጻፈውን መጽሐፍ አወጣ። ሐሳቡ ቀላል ነው፦ ወንጀለኛ የሚባለው ሰው ሲወለድ ጀምሮ ወንጀለኛ ነው፤ መንጋጋው፣ ጆሮው፣ ግንባሩ ይናገራል። ሎምብሮሶ ለዚህ ድምዳሜ መነሻ አድርጎ ሲያወራለት የኖረው ከደቡብ ጣሊያን፣ ከካላብሪያ የመጣ ቪሌላ የሚባል እስረኛ የራስ ቅል ነው። ያ የራስ ቅል ዛሬም ቱሪን በሎምብሮሶ ስም በተሰየመው ሙዚየም ውስጥ አለ። የሰውየው የትውልድ ከተማ «አጽሙን መልሱልን» ብላ ፍርድ ቤት ድረስ ሄዳለች፤ አልተመለሰላትም።

የሎምብሮሶን ስም የሕግ ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል። እኔን የያዘኝ ግን ተከታዩ ነው። አልፍሬዶ ኒቼፎሮ እ.ኤ.አ. በ1897 ስለ ሰርዲኒያ ደሴት መጽሐፍ ጻፈ። በደሴቲቱ መካከል ያለውን ተራራማ አገር ለይቶ ስም አወጣለት። ስሙ በአማርኛ ሲመለስ «ወንጀለኛው ዞን» ነው። እዚያ ያለው ሰው በዘሩ ምክንያት ለወንጀል የተሰጠ ነው፣ ወንጀሉም እንደ ተላላፊ በሽታ ከዚያ ተነሥቶ ወደ ሌላው ይዛመታል አለ። ካርታ አለው፣ ቁጥር አለው፣ ሠንጠረዥ አለው። የኔ ኤክሴል አያት ማለት ነው።

ይህን ሲጽፍ ኒቼፎሮ ገና የሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ነበር። የተወለደው የት ነው? ሲሲሊ። እሱና ጓደኞቹ «የተረገመ ዘር» ይሉት ከነበረው ከዚያው ከደቡቡ ወገን። ይህን ሳነብ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ደፋሁት። ራሱን ቀይ የሚያደርግ ኮድ የጻፈ ሌላ ሰው አገኘሁ።

ወዲያው መልስ የሰጠውም የሲሲሊ ሰው ነው። ናፖሌዎኔ ኮላያኒ የሚባል ፖለቲከኛና ጸሐፊ እ.ኤ.አ. በ1898 ተነሥቶ፦ እናንተ ዘር የምትሉት ድህነት ነው፣ መሬት ማጣት ነው፣ ትምህርት ማጣት ነው፣ መንግሥት የሚታየው ግብር ሲሰበስብ ብቻ መሆኑ ነው አላቸው። ጣሊያን አገር ውስጥ ይህ ክርክር ተደርጓል። አንዱ ጽፏል፣ ሌላው ቀዶ ጥሎታል። እኛ ጋ የመጣው ግን የመጀመሪያው ብቻ ነው። ያውም በመጽሐፍ አልመጣም፤ በ1928 በመርዝ ጋዝና በዘር ሕግ መጣ። ከዚያ ወዲያ ደግሞ በቀልድ፣ በፌስቡክ ኮሜንት፣ በቲክቶክ፣ በኤክሴል ፋይል ውስጥ ይኖራል።

ሕጋችን ከየት መጣ?

እዚህ ላይ አንዳንድ አንባቢ «በቃ ችግሩ ከውጭ መኮረጃችን ነው» ሊል ይችላል። እኔም መጀመሪያ እንደዚያ አስቤ ነበር። ቆይ፣ አይደለም።

ለብዙ መቶ ዓመታት የፈረድንበት ፍትሐ ነገሥት ራሱ ከውጭ የመጣ ነው። በ13ኛው ክፍለ ዘመን ግብጽ ውስጥ ኢብን አል-አሳል የሚባል የቅብጥ ሊቅ በዐረብኛ አሰባሰበው። ውስጡ የሮማና የባይዛንታይን ሕግ አለበት፤ የእስልምና ፊቅህ ተጽዕኖ እንዳለበት የጻፉ አጥኚዎችም አሉ። 51 አንቀጾች አሉት፤ 22ቱ መንፈሳዊ፣ የቀሩት ሥጋዊ። ወደ ግዕዝ ተመለሰ። እንግዲህ «የአባቶቻችን ሕግ» ስንለው የኖርነው ነገር በዛሬ ቋንቋ ፎርክ ነው፤ የሌላ ሰው ኮድ ወስደን በራሳችን ስም ያስቀመጥነው።

ታዲያ እንዴት የኛ ሆነ? መልሱ አንድ ቃል ነው፦ አንድምታ። ሊቃውንቱ ተቀምጠው ቃል በቃል አፈታቱት። «አንድም» እያሉ ይህ ማለት እንዲህ ነው፣ አንድም እንዲያ ነው፣ እኛ አገር ሲሆን ደግሞ እንዲህ ይሆናል እያሉ ከተማሪ ወደ ተማሪ አወረዱት። ባዕድ ሕግ በትርጓሜ ቤት ገብቶ የቤት ልጅ ሆኖ ወጣ። እኔ የከሚሴ ልጅ ነኝ፣ ያደግኩት ቁርኣን ቤት ነው፤ የቤተ ክርስቲያን ትርጓሜ ቤት ደጅ ረግጬ አላውቅም። ግን ደረሶቹ በአንድ ኪታብ ዙሪያ ተቀምጠው ሼኹ አንዷን መስመር ሲተነትኑ ማየት ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። ያው ነው። ጽሑፍ የሚሞተው ተቀምጦ የሚከራከርበት ሲያጣ ነው።

ወደ ዘመናዊው እንምጣ። በ1923 አጼ ኃይለ ሥላሴ በፍትሐ ነገሥቱ ላይ የተመሠረተ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ አወጡ። በ1949 ደግሞ ሌላው መጣ። አርቃቂው ዣን ግራቨን የሚባሉ የጄኔቫ ፕሮፌሰር ናቸው፤ በፈረንሳይኛ አረቀቁት፣ ከስዊስ ሕግ ብዙ ወሰዱ፣ ወደ አማርኛ ተተረጎመ፣ በ1950 ሥራ ላይ ዋለ። ግራቨንን ለመሳደብ አልተቀመጥኩም። ሕጉ ለዘመኑ ትልቅ ሕግ ነበር። አንቀጽ 281 የዘር ማጥፋትን ወንጀል አደረገ፤ ያውም ዓለም አቀፉ ስምምነት የዘለለውን የፖለቲካ ቡድን ጨምሮ። ከዓመታት በኋላ የደርግ ባለሥልጣናት የተከሰሱት በዚያ አንቀጽ ነው፤ ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በ1999 በሌሉበት የተፈረደባቸው በጄኔቫው ፕሮፌሰር መስመር ነው። ጥሩ ኮድ ጻፊው ያላሰበውን ሥራ ይሠራል።

ያ ሕግ ያጣው ትርጓሜ ቤቱን ነው። ትርጓሜ ቤት ሊሆን የጀመረ ነገር ነበር። በ1956 በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ፋኩልቲ ተከፈተ፤ የኢትዮጵያ ሕግ መጽሔትም መታተም ጀመረ። ፊሊፕ ግራቨን በ1965 እ.ኤ.አ. ለወንጀል ሕጉ መግቢያ ጻፈ። ስቲቨን ሎወንስታይን በዚያው ዓመት ለተማሪዎች ወፍራም የማስተማሪያ ጥራዝ አዘጋጀ። ስታንሊ ፊሸር ስለ ጥንቱ የወንጀል ሥነ ሥርዓታችን ጻፈ። አስተውላችሁ ከሆነ ስሞቹ ሁሉ የውጭ ናቸው፤ ጽሑፉም እንግሊዝኛ ነው። ያም ሆኖ ሥራ ተጀምሮ ነበር፤ ተማሪዎቹ የኛ ልጆች ነበሩና ሁለተኛው ትውልድ በራሱ ቋንቋ ይቀጥለው ነበር።

አልቀጠለም። አብዮቱ መጣ፣ የውጭ መምህራኑ ሄዱ። በ1967 ደርግ «ልዩ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ» አወጣ፤ የወንጀል ሕግ የጥናት ጉዳይ መሆኑ ቀርቶ የመትረፍ ጉዳይ ሆነ። በዚያ ሁሉ መሐል የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው አንዳርጋቸው ተስፋዬ ስለ ኢትዮጵያ የወንጀል ችግርና ስለ ማረሚያው በሁለት ቅጽ የጻፉት መጽሐፍ አለ፤ የመጀመሪያው ቅጽ በ1988 እ.ኤ.አ. ወጣ። እስኪ የዩኒቨርሲቲ ጓደኞቻችሁን ጠይቁ። ሎምብሮሶን ስንቱ ያውቀዋል? አንዳርጋቸውንስ?

በ1996 ሕጉ ተሻሻለ። ስሙም ተለወጠ፤ «የወንጀለኛ መቅጫ» የነበረው «የወንጀል ሕግ» ሆነ። ትልቅ ለውጥ ነው። የመጀመሪያው ስም ሰውየውን ያያል፣ ሁለተኛው ድርጊቱን። ወረቀቱ ላይ ከሰው ወደ ድርጊት ተሻገርን። አፋችን ላይ ግን መቅጫው እንዳለ ነው።

ድሮ ይሻል ነበር ለሚሉ

ሁለተኛው የሚጠብቀኝ ተቃውሞ «የባህላችን ፍርድ ይበልጥ ነበር» የሚለው ነው። ይህንንም አልገዛም።

ሌባሻይ የባህላችን ነበር። ልጅ አምጥቶ መጠጥና ጭስ ግቶ አስክሮ መልቀቅና ልጁ ተንገዳግዶ የወደቀበትን ቤት ባለቤት «ሌባ» ብሎ መያዝ። አውጫጭኝ የባህላችን ነበር፦ ወንጀለኛው እስኪታወቅ የአገሩን ሰው ሁሉ ሰብስቦ ማስቀመጥ። ከአውጫጭኝ የሚወሰድ ቁም ነገር ይኖራል፤ ጎረቤት ምስክር ነው ብሎ ያምናልና። ሌባሻይ ግን የዛሬው «አልጎሪዝሙ እንዲህ አለ» ከሚለው ነገር በምን እንደሚለይ አላውቅም። ሁለቱም ውስጡ የማይታይ ነገር ነው፤ ሁለቱም ጣት ይቀስራሉ፤ ሁለቱም ይግባኝ የላቸውም። ሎስ አንጀለስ ፖሊስ ወንጀል የሚፈጸምበትን ሰፈር ይተነብያል የተባለ ፕሬድፖል የሚሉት ሶፍትዌር ለዓመታት ተጠቅሞ በ2020 እ.ኤ.አ. አቁሟል። ለእንዲህ ያለው ሲስተም የሚሰጠው የፖሊስ መዝገብ ነው፤ የፖሊስ መዝገብ ደግሞ ወንጀል የት እንዳለ ከመናገሩ በፊት ፖሊስ የት እንደሄደ ይናገራል። «ዳታ አይዋሽም» የሚለኝን ባልደረባ ሁሉ ይህችን ዓረፍተ ነገር ሁለቴ እንዲያነባት እለምናለሁ።

ጠለፋም ባህል ነበር። እዚህ ላይ ግን የሚያሳፍረው የውጭ ሰው ያረቀቀው የ1949ኙ ሕግም ጭምር ነው፤ ጠላፊው ተጠላፊዋን ካገባ ከክስ የሚድንበትን በር ከፍቶ ነበር። ያንን በር ማን ዘጋው? የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር አንቀጹን እያነሣ ተከራከረ። የአበራሽ በቀለን ጉዳይ አገር ሁሉ ሰማ፤ የጠለፋትን ሰው ገድላ የተከሰሰች ልጅ ናት። በ1996ቱ ሕግ በሩ ተዘጋ። ለእኔ አንድምታ ማለት ይህ ነው። የሕጉን ቃል ከሴቲቱ ሕይወት ጎን አስቀምጦ «አንድም» ማለት። አንድ ጊዜ አድርገነዋል፤ ስለዚህ አንችልም የሚለኝን አልሰማም።

ከሚሴ ላይ ሁለት ፍርድ አለ

አሁን ወደ አገሬ ልመለስ። ከሚሴ በአዲስ አበባና በደሴ መንገድ ላይ ያለች ከተማ ናት፤ በአማራ ክልል ያለው የኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን ዋና ከተማ። በአውቶቡስ ያለፈ ሰው ሙቀቷንና የጨፋን ሜዳ ያስታውሳል። ኦሮሞው፣ አማራው፣ አርጎባው አብሮ ይገበያያል፤ ወደ ቆላው ዝቅ ሲባል አፋሩ አለ። ልጅ ሆኜ አንድ ዓረፍተ ነገር በሁለት ቋንቋ ጀምሮ መጨረስ የሁሉም ሰው ነገር ይመስለኝ ነበር።

የአባቴ የአጎት ልጅ ሰው ገድሏል። ተደብቆ የኖረ ነገር አይደለም፤ አገር ያውቀዋል። ከብት ማሳ ገባ፣ አልገባም በሚል የተነሣ ጠብ ነበር፣ ዱላ ነበር፣ አንዱ ወደቀ። ፖሊስ ያዘው፣ ዐቃቤ ሕግ ከሰሰው፣ በአንቀጽ 540 ተፈረደበት። ተራ የሰው መግደል ነው የሚሉት፤ ቅጣቱ ከ5 እስከ 20 ዓመት። መዝገቡ ተዘጋ። በመንግሥት ዘንድ ጉዳዩ አለቀ።

በጨፋ ሜዳ ግን አላለቀም። የሟች ወገን ደመኛ ነው። ወንድሞቹ ገበያ መውጣት አቆሙ፤ አንደኛው ልጆቹን ይዞ ባቲ ሄደ። ማሳው ሁለት ክረምት ጦም አደረ። ማረሚያ ቤት የተቀመጠው አንድ ሰው ነው፤ እስራቱ ግን የአሥራ ምናምን ሰው ነበር። ከዚያ ሽማግሌ ተላከ፣ ሼኾች ገቡበት። እምቢ ተባለ። እንደገና ተላከ። ያኔ ትምህርት ላይ ነበርኩ፤ ለዕረፍት ከኮምቦልቻ ስመጣ አባቴ ይዞኝ ሄደ። ዛፍ ሥር፣ ቡና እየተፈላ፣ ዱአ እየተደረገ ቀኑን ሙሉ ተቀመጥን። ጉማው ተቆረጠ፤ ካሣው መጠኑ ተነገረ፤ የኛ ወገን አንገቱን ደፍቶ ጠየቀ። አንድ ሽማግሌ ለሟች ታላቅ ወንድም፦ «አቦ፣ ደሙን ለአላህ ብለህ አድርቀው፤ ልጆችህ ነገ ከነሱ ልጆች ጋር አንድ ወንዝ ነው የሚጠጡት» ሲሉት ሰውየው አለቀሰ። በሚቀጥለው ገበያ የአባቴ ዘመዶች ከሚሴ ወጡ።

ይህን እንደ ተረት ማቆንጀት አልፈልግም። የሟች ሚስት በዚያ ክብ ውስጥ አልነበረችም። ካሣው የገባው በሟች ወንድሞች እጅ ነው። ከሱ ምን እንደደረሳት እስከ ዛሬ አላውቅም፣ የጠየቀም ያለ አይመስለኝም። ዕርቁ የወንዶቹን ደም አደረቀ፤ የሷን ዕንባ ግን ማን ቆጠረው? ዳኛው ስለ ሽምግልናው አያውቁም፣ ወይም ቢያውቁም መዝገባቸው ላይ ቦታ የለውም። ሽማግሌዎቹ ስለ 540 አይጠይቁም። አንድ ግድያ፣ ሁለት ፍርድ፤ ሁለቱ ሲስተሞች አንድ መስመር መረጃ አይለዋወጡም።

ሕጉ ይህን እንዴት ያየዋል? ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 የሃይማኖትና የባህል ሕግ በግልና በቤተሰብ ጉዳይ እንዲዳኝ በሩን ከፈተ፤ ወንጀልን አልጨመረም። የወንጀል ሕጉ ባህልን በስሙ ጠርቶ አንድ ምዕራፍ የሰጠው ከአንቀጽ 561 እስከ 570 ሲሆን ርእሱ «ጎጂ ልማዳዊ ድርጊቶች» ይላል። መኖር ያለበት ምዕራፍ ነው፤ ልጅ መገረዟ ወንጀል ነው። ግን ባህል በሕጉ ፊት የሚቆመው ተከሳሽ ሆኖ ብቻ መሆኑ አይገርምም? በ2003 የወጣው የወንጀል ፍትሕ ፖሊሲ ከፍርድ ቤት ውጭ ላለው መፍትሔ ዕውቅና ሰጠ፤ ፖሊሲ ግን ሕግ አይደለም። ኦሮሚያ ክልል በ2013 ለባህል ፍርድ ቤቶች አዋጅ አወጣ። እኛ ያለነው አማራ ክልል ውስጥ ነው፤ አዋጁ ድንበር ላይ ቆሞ ያየናል።

ጥናትስ? አለ፣ ጥቂት። ዶሎሬስ ዶኖቫንና ጌታቸው አሰፋ በ2003 እ.ኤ.አ. ስለ ኢትዮጵያ የሰው ግድያና ጎን ለጎን ስላሉት ሕጎች ጽፈዋል፤ አሜሪካ በሚታተም መጽሔት። መሮን ዘለቀ ደግሞ እዚያው እኛ ዞን መጥታ፣ ተቀምጣ አጥንታ በ2010 እ.ኤ.አ. «የሼኾች ችሎት» የሚል ጽሑፍ አሳተመች፤ ደርባን፣ ደቡብ አፍሪካ። መጽሐፏም ጀርመን አገር ታተመ። ኮምቦልቻ ለዓመታት ስማር ስሟን አልሰማሁም። የአያቶቼን ችሎት በእንግሊዝኛ ያነበብኩት አዲስ አበባ ኪራይ ቤቴ ውስጥ፣ ያ ቀይ ምልክት እንቅልፍ ከነሣኝ በኋላ ነው። በአማርኛ ፈለግኩ፣ በአፋን ኦሮሞ ፈለግኩ፣ አላገኘሁም። ሼኾቹ ራሳቸው ሊያነቡት የማይችሉት ጥናት ስለ ሼኾቹ ተጽፏል። ጥፋቱ የመሮን አይደለም። እሷ ድርሻዋን ሠርታለች። አንሥቶ ተርጉሞ «አንድም» የሚል የጠፋው በእኛ ወገን ነው።

ባዶው ቦታ ሲሞላ

«እና ምን ይጠበስ?» የሚል ካለ 2013ን ያስታውስ። በዚያ ዓመት መጋቢት አጣዬና ጅሌ ጥሙጋ አካባቢ የሆነውን ሁላችንም እናውቃለን። ከኦሮሞውም ከአማራውም ሰው ሞተ፣ ቤት ተቃጠለ፣ ሕዝብ በገፍ ተፈናቀለ። እኔ ቤተሰቤ ጋ እየደወልኩ ኔትወርክ እምቢ ሲለኝ ስልኬን አያለሁ። ስልኬ ላይ ምን አለ? «እነዚያ ሰዎች ድሮም እንደዚያ ናቸው»። ከሁለቱም ወገን። አንዱ «ዞኑ መፍረስ አለበት» ይላል፤ ሌላው ጎረቤት ከተማውን በጅምላ ገዳይ ይላል። ግሩፑ ይለያይ እንጂ ኒቼፎሮ ሁለቱም ጋ ነበር።

ወንጀልን የሚያጠና ሰው የሚጠይቀው ጥያቄ እኮ ተራ ነው። ማን ገደለ? በምን መሣሪያ? መሣሪያው ከየት መጣ? ማን አዘዘ? ማን አተረፈ? በአንዱ ቀበሌ ሰው ሲታረድ በሚቀጥለው ቀበሌ ጎረቤት ጎረቤቱን የደበቀው ለምንድን ነው? ይህ የመጨረሻው ጥያቄ ብቻውን አሥር የማስተርስ ጽሑፍ ይወጣዋል። እኛ ግን ከድርጊቱ ዘለን ወደ ሰውየው፣ ከሰውየው ዘለን ወደ ዘሩ፣ ከዘሩ ዘለን ወደ ካርታው ሄድን። ካርታው ላይ ከደረስን በኋላ ከ1 እስከ 5 ቁጥር መስጠት ቀላል ነው። በዚህ መንገድ ነው ያ ኤክሴል የተወለደው። ከሜዳ የመጣ ጥናት ቢኖር ኖሮ አንድ ሰው ስብሰባው ላይ «ቆይ፣ እዚህ ዞን ላይ የተጻፈው እንዲህ ይላል» ማለት በቻለ ነበር። እኔ ያንን ማለት አልቻልኩም። ምክንያቱም አላነበብኩም ነበር።

ስለዚህ ለሕግ ተማሪዎች፦ ቤካሪያን በቃላችሁ ያዙ፣ ጥሩ ነው። ግን ከመመረቃችሁ በፊት አንድ የግድያ ጉዳይ ከጠቡ እስከ ፍርዱ፣ ከፍርዱ እስከ ጉማው፣ ከጉማው እስከ መበለቲቱ ቤት ተከተሉ። በአማርኛ ጻፉት፤ አፋን ኦሮሞ የምትችሉ በአፋን ኦሮሞ ጻፉት። ትምህርት ቤቱ ባያዛችሁም ጻፉት።

ለፍርድ ቤቱና ለሽማግሌው፦ ተጻጻፉ። ዕርቅ ሲወርድ ማን ካሣ ተቀበለ፣ ሴቲቱስ ተጠየቀች ወይ የሚል አንድ ገጽ መዝገብ ይኑር። መዝገብ ሲኖር ጥያቄ ይኖራል፤ ጥያቄ ሲኖር ያቺ ሴት ወደ ክቡ ትገባለች።

ለእኔ ቢጤዎች ደግሞ፦ «እኔ ኮድ ጻፊ ነኝ፣ ደንበኛው ነው ያዘዘው» የምትለዋን ዓረፍተ ነገር ጣሏት። እኔ ብያታለሁ። የትውልድ ቦታን በወንጀል ቁጥር የሚያባዛ መስፈርት ሲመጣላችሁ ቁጥሩን ማን እንደለካው፣ በምን እንደለካው በጽሑፍ ጠይቁ። መልስ ከሌለ አትጻፉት።

ያ ፈንክሽን ምን ሆነ? ከሁለት ሳምንት በኋላ ስብሰባ ላይ አነሣሁት። «ደንበኛው ይወስናል» ተባለ። ደንበኛው ወሰነ፦ የትውልድ ቦታው ሳጥን የግድ መሆኑ ቀርቶ በፈቃድ የሚሞላ ሆነ። አልጠፋም። ዛሬም አለ፤ ታሪኩን የከፈተ ሰው ከጎኑ ያለውን ስም ያያል፤ የኔ ስም ነው።

በቀደም አጎቴ ከባቲ ደወለ። ወደ አገሩ ተመልሶ ማሳውን ሊያለማ የውሃ ፓምፕ መግዣ ፈልጓል። «አንተ ልጅ፣ በስልክ ብድር ይሰጣሉ አሉኝ። ፎርሙን መሙላት አቃተኝ፤ አንተ የዚህ ሰው አይደለህ?» አለኝ።

«አብሽሩ፣ እኔ እሞላልዎታለሁ» አልኩት። የሲስተሙን ስም ሲነግረኝ ጊዜ ዝም አልኩ።